«የቱ ሙዚቃ?»

ውድ አባዬ፣

ከዚህ ደብዳቤ ጋር አንድ የእንጨት ሣጥን ደርሶሃል። ደብዳቤውን ሳትጨርስ ሣጥኑን እንዳትነካው። አውቅሃለሁ እኮ፤ ይህን መስመር ስታነብ ገልብጠህ ብሎኖቹን አይተህ ጨርሰሃል። ጠባቂህን እትዬን «ቤት ውስጥ መፍቻ የሚባል ነገር ካለ ደብቂልኝ» ብላት «እሱ ምን መፍቻ ይፈልጋል፣ በማንኪያ ይፈታዋል» አለችኝ። በእማዬ ነፍስ ይዤሃለሁ፣ አትፍታው።

ጉልበትህ እንዴት ነው? ሐኪሙ በቀን ሁለት ጊዜ ተራመድ ቢልህ አራት ጊዜ እየተራመድክ፣ ከዚያ «ኧረ ወገቤን» እንደምትል ወሬው ደርሶኛል። እልኸኛ! ሰው ሁሉ «ይህቺ ልጅ እልኋን ከማን ወረሰችው?» ሲል ከርሞ ይኸው ታወቀ።

በስልክ እንዳልነግርህ የኔና ያንተን ስልክ ታውቀዋለህ። እሑድ ጠዋት እደውላለሁ፣ እትዬ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ታስቀምጥልሃለች፣ ሰከንዱ መቁጠር ሲጀምር ጠረጴዛውን በጣትህ ሦስቴ ትመታለህ፤ በቃ። ልጆች ሆነን ስትጠራን እንደምታደርገው ማለት ነው፤ አንዴ ከመታህ «ነይ»፣ ሁለቴ ከሆነ «የተበላሸ ነገር አለ»፣ ሦስቴ ከሆነ «ሁሉም ደህና»። እማዬ ካረፈች አራት ዓመት ሆናት፤ አራት ዓመት ሙሉ በየእሑዱ ሦስት ነው የምትመታልኝ። ጉልበትህን ኦፕራሲዮን የሆንክ ሳምንት እንኳ ሦስት! አጭር መልእክት ብልክልህ ደግሞ «ይሄ ደብዳቤ ነው ወይስ የመድኃኒት ማዘዣ?» ብለህ ስልኩን ለእትዬ መለስክላት። ስለዚህ ይኸው፣ እንደምትወደው በወረቀት፣ ፊደሉን አጉልቼ።

የምነግርህ ነገር ሁለት ነው። አንዱ ያስቅሃል። ሌላው ሃያ ሦስት ዓመት ጉሮሮዬ ላይ ተሰንቅሮ የቆየ ነው። ድፍረት እስካገኝ የሚያስቀውን አስቀድማለሁ።

ሥራዬን ለሰው ስታስረዳ ሰምቼሃለሁ። «ከፊልም ሥር ድምፅ ታነጥፋለች» ትላለህ፣ ምንጣፍ አንጣፊ ይመስል። አንድ ቀን ደግሞ እማዬን «ሰዎቹ እያወሩ አይደል እንዴ? እሷ ምን ትጨምራለች?» ብትላት «ሆድ ታስብሳለች» አለችህ። እውነቷን ነበር። ዘጋቢ ፊልም ላይ ነው የምሠራው፤ ወንዝ የተመረዘባቸው፣ ቤት የፈረሰባቸው፣ ድንጋይ ተሸክመው ወገባቸው የጎበጠ ሰዎች ያሉበት ፊልም። ለሁሉም አንድ መድኃኒት ነበረኝ። አንዲት እናት መስኮት ሥር ተቀምጣ ዝም ካለች ቫዮሊን፤ ሕፃን ከሳቀ ዋሽንት። ተመልካቹ ከንፈሩን ይመጥጣል፣ እኔም ተጨብጭቦልኝ ቤቴ እገባለሁ። አሥራ አምስት ዓመት እንዲህ ነው የኖርኩት።

ባለፈው ዓመት አንዲት ዳይሬክተር ስቱዲዮዬ መጣች። እስክሪብቶ ታኝካለች፤ እሷን ከተዋወቅሁ ወዲህ ክዳን ያለው እስክሪብቶ የለኝም። «ፊልሙ ስለ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሠራተኞች ጆሮ ነው» አለችና ኮምፒውተሯን ከፈተች። መጀመሪያ የታየኝ ሰማያዊው በር ነው። በትልቁ በር ሆድ ውስጥ ያለችውን ትንሿን በር ታስታውሳታለህ? አንተ በእሷ ጎንበስ ብለህ ስትወጣ ቅንድብህ ላይ የጥጥ ብናኝ ተቀምጦ፣ በአንድ ቀን የሸበትክ እየመሰለኝ ስስቅብህ የነበረውን?

«አባቴ እዚህ ሽመና ክፍል ሠላሳ አንድ ዓመት ሠርቷል» አልኳት። እስክሪብቶው ከአፏ ወደቀ።

«ታዲያ ለምን አናናግረውም?»

«አይሆንም። ጉልበቱን ያመዋል።»

ያኔ ጉልበትህ ደህና ነበር አባዬ። ዋሸሁ። ስለ ሙዚቃ እኔና አንተ ማውራት ካቆምን ስንት ዘመን! «ሙዚቃውን የምሠራው እኔ ነኝ» ብዬ በምን አፌ ልነግርህ? ሰበቡን የተማርኩት ደግሞ ከራስህ ነው፤ ኋላ ትደርስበታለህ።

ሥራ ገባሁ። ስድስት ሳምንት። እንዲህ ያማረ ነገር ሠርቼ አላውቅም ብዬ ነበር። ሦስት ቫዮሊን፣ አንድ ዋሽንት፣ አልፎ አልፎ ጠብ ጠብ የሚል ትንሽ ደወል። የማሽኑን ጩኸት «ሰው ያስበረግጋል» ብዬ ቀነስኩትና የኔን ሙዚቃ በላዩ አለበስኩት። ዳይሬክተሯ ሰምታ አለቀሰች። እኔ የሷን ለቅሶ አይቼ አለቀስኩ። ኤዲተሩ እንኳ፣ ሽንኩርት ቢልጥ የማያነባው ሰውዬ፣ መነጽሩን አውልቆ ጠረገ።

«ለሕዝብ ሳይቀርብ ባለቤቶቹ ይዩት» አለች ዳይሬክተሯ። ይሄ የሷ ሕግ ነው፤ ፊልሙ ውስጥ ያሉት ሰዎች ሳያዩት ከእጇ አይወጣም። ቅዳሜ ከሰዓት በጡረተኞች ክበብ አዳራሽ ሠላሳ የሚሆኑ የድሮ ሠራተኞች መጡ። ከፊት ጋሼ ጉጠት ተቀምጧል። አዎ፣ ያው ያንተው ጋሼ ጉጠት፣ የሽመና ክፍሉ መካኒክ። አሁንም የደረት ኪሱ ውስጥ ጉጠቷ አለች፤ «ጡረታ የወጣሁት እኔ ነኝ እንጂ እሷ አይደለችም» ይላል።

እኔ ጥግ ይዤ ፊታቸውን ማየት ጀመርኩ። ልማዴ ነው፤ ፊልሙን ሳይሆን ፊልሙን የሚያየውን ሰው ነው የማየው። ሰው ሲናገር ከሥር የሚወጣውን ጽሑፍ እያነበቡ ራሳቸውን ይነቀንቃሉ። ማሽኑ ሲመጣ፣ ያን ያህል ቀንሼው እንኳ፣ ቀና ቀና ይላሉ። በመጨረሻ የምኮራበት ቦታ ደረሰ። አንዲት ጡረተኛ ጀርባዋን ሰጥታ ቆማለች፣ የልጅ ልጇ ከኋላ ይጠራታል፣ አትሰማም፤ ሦስቱ ቫዮሊኖች አንድ ላይ ይነሣሉ። እዚያ ላይ አንድ ሽማግሌ ወደ ጎረቤቱ ዞሮ፣ እናንተ ሹክሹክታ በምትሉት ግድግዳ በሚያናጋ ድምፅ፣ «ስፒከሩ ተቃጠለ እንዴ?» አለው።

«ምን አውቄ! ምስሉስ አለ» አለው ሌላው፣ እሱም በሹክሹክታ።

ሲያልቅ አጨበጨቡ፣ ጨዋ ናቸው። ዳይሬክተሯ ወረቀት ላይ በትልቁ «ሙዚቃው እንዴት ነበር?» ብላ ጽፋ ከፍ አደረገችው። እርስ በርስ ተያዩ። ጋሼ ጉጠት መነጽሩን ከፍ ዝቅ አድርጎ አነበበና፣

«የቱ ሙዚቃ?» አለ።

ሳቅ አባዬ፣ ፈቅጄልሃለሁ። ቆይ ግን የባሰውን ልንገርህና አንድ ላይ ትስቃለህ። ፊልሙ ውስጥ አንዲት የጆሮ ሐኪም አለች። አሥራ አንደኛው ደቂቃ ላይ፣ ፍርጥርጥ አድርጋ፣ «በማሽን ጩኸት የተጎዳ ጆሮ መጀመሪያ የሚያጣው ቀጫጭኑን ድምፅ ነው፤ የወፍ፣ የሕፃን፣ የዋሽንት» ትላለች። ይህን ስትል ከሥሯ ያስገባሁት ምን ይመስልሃል? ዋሽንት! «ዋሽንት» ብላ ስትጨርስ ዋሽንቱ እንዲገባ በሰከንድ ለክቼ! ያንን ቦታ በቀን ሃያ ጊዜ፣ ስድስት ሳምንት ሙሉ ሰምቼዋለሁ፣ አንድም ቀን ምን እያለች እንደሆነ አላዳመጥኳትም። በጆሮዬ የምተዳደር ሰው! ወይ ጉድ!

ቅስሜ ስብር አለ። ወጥቼ ኮሪደሩ ላይ ቆምኩ። ጋሼ ጉጠት ተከትሎኝ መጣ።

«አንቺ የእሱ ልጅ አይደለሽም እንዴ? ጫጫታ!» አለኝ። ያወጣህልኝን ስም እስካሁን ያስታውሳል። «በይ አታልቅሺ። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ጆሯችን አለቀ ብለን ስንጮህ ጆሮ ዳባ ልበስ ያሉን ጤነኛ ጆሮ ያላቸው ናቸው። አንቺ ቢያንስ ታለቅሺያለሽ።»

ይህን ሲለኝ በተከፈተው በር በኩል፣ ከአዳራሹ ወዲያኛው ጫፍ፣ አንዲት ሴትዮ ወደ እኛ አየች። ድምፅ አላወጣችም፤ ከንፈሯን ብቻ አንቀሳቀሰች። ጋሼ ጉጠት ሳቀና በከንፈሩ መለሰላት።

«ምን አለችህ?» አልኩት።

«'አንተ ጉጠት፣ ልጅቷን አታስለቅሳት' ነው የምትለኝ። ሁለት መቶ ማሽን እየጮኸ ማን በጆሮው ይሰማል? እኛ ከንፈር ነው የምናነበው። አባትሽ ደግሞ የሁላችን አለቃ ነበር በዚህ። ከሽመና አዳራሹ ጫፍ እስከ ጫፍ ያነባል! ተቆጣጣሪዎቹ በመስታወት ክፍላቸው ተዘግተው ሲያሙን እሱ አንብቦ ይነግረን ነበር። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል፤ አባትሽ ካለ ግን አንድም ሐሜት አታመልጠንም።»



ስናናግርህ ፊታችንን እንደምታይ አውቃለሁ። እማዬ ቀስ ብላ፣ ፊት ለፊትህ ቆማ ነበር የምታወራህ። ከሩቅ፣ ላንተ ያልተባለውን ማንበብ እንደምትችል ግን አላውቅም ነበር። እንግዲህ ሁለተኛው ነገር መጣ።

አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። የሙዚቃ ትምህርት ቤቴ አዳራሽ፤ ፒያኖ እጫወታለሁ። አንተ ሁለተኛው ረድፍ ላይ፣ እማዬ ሁለት ጊዜ የተኮሰችውን ነጭ ሸሚዝ ለብሰህ፣ እጅህን ጭንህ ላይ አድርገህ። ቤታችን ፒያኖ አልነበረም፤ የነበረው አንተ የሠራኸው ሳንቃ ነው። አለስልሰህ፣ ለክተህ፣ ነጩን ቁልፍ በግድግዳ ቀለም፣ ጥቁሩን በማሽን ቀለም ቀብተህ የሰጠኸኝ ሳንቃ። እሱ ላይ ስለማመድ አንተ ፊት ለፊቴ ተቀምጠህ ጣቶቼን ታያለህ። ድምፅ የለውም፤ ላንተ ግን ከእውነተኛው ጋር ልዩነት አልነበረውም። ስሳሳት እንኳ ታውቅ ነበር። «እዚህ ጋ ትናንት በዚህኛው ጣት ነበር» ትለኝ ነበር። ሙዚቃዬን ጣት በጣት የሚያውቅ ሰው ከአንተ በፊትም ከአንተ በኋላም አልገጠመኝም።

ታዲያ የዚያን ቀን መካከል ላይ እጄን ከቁልፎቹ አነሣሁ። ሙዚቃው ለአንድ ትንፋሽ ያህል ዝም የሚልበት ቦታ ነው። አንተ ብድግ ብለህ አጨበጨብክ፣ ብቻህን፣ በዚያ ግዙፍ እጅህ። አዳራሹ ሳቀ። ፊቴ እንደ በርበሬ ቀላ።

ሲያልቅ በሩ ጋ ከእማዬ ጋር ቆመናል። አንተ ከአዳራሹ ወዲያ ማዶ የኔን ካፖርት ይዘህ፣ ፊትህን ወደ እኛ አዙረህ ትጠብቃለህ። አፍ ሲያመልጥ፣ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም። እማዬን፣ ጆሮዋ ሥር፣ ድምፄን አጥፍቼ፣ «ለምን አመጣሽው? ለእሱ መጫወትና ለግድግዳ መጫወት አንድ ነው» አልኳት።

መጣህ። ካፖርቴን ትከሻዬ ላይ አደረግክልኝ። «ጎበዝ» አልከኝ። ከዚያ ቀን በኋላ አንድም ዝግጅቴ ላይ አልመጣህም። አንዴ የፈረቃ ሰዓት ነው፣ አንዴ ጉንፋን ነው፣ አንዴ ጉልበትህ ነው። እኔ ደግሞ «አባቴ ለሙዚቃ ግድ የለውም» እያልኩ ለሰው ሁሉ አወራሁ። ሃያ ሦስት ዓመት።

አንብበኸዋል አይደል?

አትመልስልኝ፣ መልሱን አውቀዋለሁ። አባዬ፣ ይቅር በለኝ። ልጅ ስለነበርኩ አይደለም፣ ስላፈርኩ አይደለም፤ ክፉ ቃል ስለነበረ፣ ላንተም የማይገባ ስለነበረ ነው ይቅርታ የምጠይቅህ። ሳንቃ ቆርጦ ፒያኖ ለሠራልኝ ሰው ነው ግድግዳ ያልኩት። ወርቅ ላበደረ ጠጠር ሲባል የኔን የሚያህል አይኖርም።

ደግሞ ሌላ ነገር ገባኝ፣ የገባኝም ከጋሼ ጉጠት ጋር ካወራሁ በኋላ ነው። ያለቀ መስሎህ አልነበረም ያጨበጨብከው። ያንን ሙዚቃ በሳንቃው ላይ መቶ ጊዜ አይተኸዋል፣ መጨረሻውን ከኔ እኩል ታውቀዋለህ። ከዝምታው በፊት ያለችው ቦታ ግን ሁልጊዜ የምሳሳትባት ነበረች። የዚያን ቀን አልተሳሳትኩም። አዳራሹ ውስጥ ይህን ያወቅከው አንተ ብቻ ነህ።

እዚህ ላይ ትንሽ አረፍ ብዬ አፍንጫዬን ተናፍጫለሁ። አሁን ደህና ነኝ። ወደ ፊልሙ እንመለስ፣ ከዚህ በኋላ ደስ ደስ የሚል ነገር ብቻ ነው ያለው።

ከኮሪደሩ ተመልሼ ዳይሬክተሯን «ሙዚቃውን እጥለዋለሁ» አልኳት።

«የትኛውን ቦታ?»

«ሁሉንም።»

«አብደሻል እንዴ? ሊታይ ሦስት ሳምንት ነው የቀረው!»

ጮኸች፣ ጮኽኩ። አንድም ጡረተኛ ዞር ብሎ አላየንም፤ ከንፈራችንን ግን ሲያነቡ እንደነበር በኋላ ተነገረን፣ ውርርድም ነበር አሉ። «ሌላው ሕዝብ እኮ ይሰማዋል!» አለችኝ። «ሌላው ሕዝብ ስለነሱ አልቅሶ ይወጣል፣ እነሱ ስፒከሩ ተቃጥሏል ብለው ይቀመጣሉ። ባለቤቶቹ ይዩት ያልሽው አንቺ አይደለሽም እንዴ?» አልኳት። እስክሪብቶዋን ረዥም ጊዜ አኘከችው። «ሦስት ሳምንት። አንድ ቀን አልጨምርም» አለች።

ጋሼ ጉጠትን ጆሮዬ አደረግሁት። ጠዋት ጠዋት ስቱዲዮ ይመጣል፣ ትልቁን ስፒከር መሬት ላይ አስተኛለሁ፣ እሱ ጫማውን አውልቆ እግሩን ይጭንበታል። እኔ ጆሮዬን በጥጥ ደፍኜ፣ በላዩ የጆሮ መከላከያ አጥልቄ፣ ወለሉ ላይ በደረቴ እተኛለሁ። የስቱዲዮ ጎረቤቴ በር ከፍቶ አየን፣ መልሶ ዘጋው።

ቫዮሊኑን አስወጣሁ። ዋሽንቱን አስወጣሁ። ቼሎ፣ ቤዝ፣ ትልቅ ከበሮ፣ የፒያኖው ግራ ጎን ቀሩ። ጋሼ ጉጠት ደግሞ ፍርዱ ፈጣን ነው። «ይሄ የለም።» «ይሄ ቁርጭምጭሚቴ ላይ ቀረ።» «እሰይ፣ ይሄ ሆዴ ገባ!» የማሽኑን ምት በከበሮ ሠርቼ ሳቀርብለት ፊቱን አጨማደደ። «ይሄ ማሽን ታሟል» አለኝ። «እንዲህ የሚመታ ማሽን ባገኝ ፈረቃው ሳያልቅ አቆመው ነበር።» ጉጠቷን አወጣና የጠረጴዛዬን እግር እየመታ አስተማረኝ፤ መወርወሪያው ሲሄድ እንዴት እንደሆነ፣ ሲመለስ እንዴት እንደሚከብድ። ከዚያ አንዴ መታ። «ይሄ 'ና' ነው።» ሁለቴ መታ። «ክር ተበጥሷል።» ሦስቴ መታ። «ሁሉም ደህና። የማሽኑን ብረት ስንመታው በእጃችን ይሰማን ነበር።» እኔ ደግሞ የእኛ ቤት ጨዋታ ይመስለኝ ነበር! ሥራ ቦታህን ቤት ይዘኸው ትመጣ እንደነበር አላወቅንም፤ ስትመታ እየሮጥን እንመጣ ነበር እንጂ።

ፊልሙ እዚያው አዳራሽ በድጋሚ ታየ። ወለሉ ጣውላ ነው፤ ስፒከሮቹን ሁሉ መሬት ላይ አስተኛናቸው። ዳይሬክተሯ «እባካችሁ ጫማችሁን አውልቁ» የሚል ወረቀት ከፍ አደረገች። ኧረ የነበረው ሁካታ! ካልሲው የተቀደደ አለ፣ ሁለት ዓይነት ካልሲ ያደረገ አለ፤ አንዷ ሴትዮ ጎረቤቷን «አንተ ይህን እግር ይዘህ ነው ስታገባ የኖርከው?» ስትለው አዳራሹ በሳቅ አለቀ። የፋብሪካው አዲሱ ሥራ አስኪያጅም ተጋብዞ መጥቶ ነበር። ጫማውን ያወለቀው ከሁሉ በመጨረሻ ነው።

ፊልሙ ጀመረ። የመጀመሪያው ምት ሲመጣ ሠላሳ ሽማግሌና አሮጊት አንድ ላይ ወደ እግራቸው ጎንበስ አሉ። ከዚያ ቀና ብለው እርስ በርስ ተያዩ። አንዳንዶቹ መዳፋቸውን ወንበሩ ላይ አደረጉ። የልጅ ልጇ የሚጠራት ሴትዮ ቦታ ሲደርስ ቼሎው ብቻውን ገባ፣ ዝቅ ብሎ። ያቺው ሴትዮ፣ ፊልሙ ውስጥ ያለችው ራሷ፣ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀምጣ ዓይኗን ጨፈነች፤ እዚያ ሁሉ ሰው መሀል እንደ ልጅ ትወዛወዝ ጀመር። እኔም ጥጌ ላይ ሆኜ እንዴት ደስ እንዳለኝ! በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም አባዬ።

ፊልሙ የሚያልቀው በሦስት ምት ነው። ሁሉም ደህና። ሦስተኛው ምት ጠፋ። ከዚያ ጋሼ ጉጠት በተረከዙ ወለሉን መታ፣ ሦስቴ። ጎረቤቱ ቀጠለ። ከዚያ አዳራሹ በሙሉ። ወለሉ ከእግሬ ሥር ሲነሣ ተሰማኝ። ሥራ አስኪያጁ ግራ ገብቶት «ምን እያሉ ነው?» ብሎ ጠየቀኝ፤ «ያንተ ተራ ነው እያሉ ነው» አልኩት፣ ከየት እንዳመጣሁት እንጃ። ከሁለት ወር በኋላ ሽመና ክፍል ላሉት ወጣቶች የጆሮ መከላከያ መታደል ጀመረ፣ የጆሮ ምርመራውም ተፈቀደ። «ሠላሳ ዓመት በጆሮው እንቢ ያለ ፋብሪካ በእግሩ ሰማ» ይላል ጋሼ ጉጠት፣ ለሚያገኘው ሰው ሁሉ።

አንድ ወንበር ግን ባዶ ነበር። ሁለተኛው ረድፍ ላይ፣ አስቀምጬልህ። አልጠራሁህምና ከየት ትመጣለህ? መጀመሪያ ፈራሁ፣ ከዚያ አንተ ሆስፒታል ገባህ፣ ከዚያ ደግሞ ፈራሁ። ይኸውልህ እንግዲህ፣ ሣጥኑ የመጣው ለዚህ ነው።

አሁን ልትነካው ትችላለህ። ውስጡ ስፒከር አለ፣ ፊቱን ወደ ላይ አዙሮ የተኛ። ሽቦውን ከቴሌቪዥኑ ጋር እትዬ ታገናኝልሃለች፣ በስልክ አሳይቻታለሁ፤ አንተ እንዳታግዛት። ሣጥኑን ጠረጴዛው ላይ አድርገው፣ ጉልበትህን ትራስ ላይ አሳርፈው፣ ሁለት መዳፍህን ክዳኑ ላይ ዘርጋ። ክዳኑን አወቅከው? እንዴት አታውቀውም! ሳንቃው ነው። ከእማዬ ቁም ሣጥን ጀርባ አገኘሁት። አናጢው «ቀለሙ ለቋል፣ ላድሰው?» ቢለኝ ልጣላው ምንም አልቀረኝም።

ፊልሙ ሃምሳ ሁለት ደቂቃ ነው። ሲያልቅ እጅህን እንዳታነሣ። ስክሪኑ ጥቁር ይሆናል፣ ከዚያ የትኛውም አዳራሽ ያልሰማው አራት ደቂቃ አለ። የያኔው ሙዚቃ ነው። ለግራ እጅ ብቻ፣ ከታች ባሉት ወፋፍራም ድምፆች፣ እንደገና ጻፍኩት። የምሳሳትባት ቦታ ላይ አልተሳሳትኩም፤ እየው። ከእሷ ቀጥሎ ዝም የሚልበት ቦታ ድሮ አንድ ትንፋሽ ነበር። አሁን አስረዝሜዋለሁ። አንድ ሰው ብድግ ብሎ፣ እስኪበቃው አጨብጭቦ፣ ተመልሶ የሚቀመጥበት ያህል ነው። ጉልበትህ እንቢ ካለህ ተቀምጠህም ይሆናል።

እሑድ ጠዋት እደውላለሁ። ካልወደድከው ሁለቴ ምታ፤ ማንኪያ ይዤ እመጣና አንድ ላይ ፈትተን የተበላሸውን እንፈልጋለን። ሦስቴ ግን እንዳትመታብኝ። ሦስቱን አራት ዓመት ሰምቼዋለሁ፣ አንድም ቀን አላመንኩህም።

አንዴ ምታ አባዬ። አንዴ ብቻ። ሻንጣዬን በሩ ጋ አስቀምጬዋለሁ።

ጫጫታህ